በጨለማው ክፍል የቆጠርኳቸው ጸሎቶች

ጡረታ የወጣሁ ዕለት የመሥሪያ ቤት ባልደረቦቼ የግድግዳ ሰዓት ሸለሙኝ። ቆንጆ ሰዓት ነው፤ በየሰዓቱ ይደውላል። አመስግኜ ተቀበልኩ። ቤቴ ወስጄ ከሰቀልኩት በኋላ ግን ቁጭ ብዬ ሳየው ሳቄ መጣ። ዕድሜ ልኬን ፊልምና ፎቶ ሳጥብ የኖርኩ ሰው ነኝ፤ በዚያ ሁሉ ዘመን ለሥራዬ አንድም ቀን ሰዓት አይቼ አላውቅም። ጊዜውን የምለካው በጸሎት ነበር። ይህን ከባልደረቦቼ የሚያውቅ አልነበረም። እንዴት እንደጀመርኩት ቢጠይቁኝ ኖሮ የማልፈልገውን ታሪክ ማንሣት ግድ ይሆንብኝ ነበር።

አሁን ልጻፈው። በስተርጅና የማታ ትምህርት ገብቼ የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ ሆኛለሁ፤ መምህራችን ስለ ሥራ ዘመናችን እንድንጽፍ አዘዋል። «ያያችሁትን ብቻ ጻፉ» ስላሉ፣ ያላየሁትን እንዳልጨምር እጠነቀቃለሁ። ያልገባኝንም አልገባኝም ብዬ አልፋለሁ።

ሥራ የጀመርኩት ጣሊያን ደብረ ማርቆስ ከገባ በኋላ ነው። ከዚያ በፊት አምበር አካባቢ የቆሎ ተማሪ ነበርኩ። ዳዊት ደግሜ ዜማ ስጀምር አገሩ ታወከ፣ ተማሪውም ተበተነ። ከተማ ገብቼ በአቶ ሰይድ ሱቅ ጨርቅ መለካት ያዝኩ። አቶ ሰይድ የይጁቤ ሰው ናቸው፤ ፊታቸው ሳይፈታ ሰው ማሳቅ ይችሉበታል። አንድ ቀን አንድ ፈረንጅ ገብቶ ጥቁር ጨርቅ ጠየቀ። ያወረድንለትን ጣቃ ይዞ ወደ ደጅ ይወጣል፤ ፀሐይ ላይ ቆሞ ጭንቅላቱን በጨርቁ ይሸፍናል፤ ከዚያ ገልጦ ራሱን ይነቀንቃል። በሦስት ጣቃ እንዲህ አደረገ።

«ደምለው» አሉኝ አቶ ሰይድ፣ «ይህ ሰው ማን ሞቶበት ነው?»

«እንጃ፣ ጋሼ። ኀዘኑ ግን የከፋ ይመስላል።»

«በል ሁለቱን ደርበህ ስጠው። በአንድ ጨርቅ የሚወጣለት ኀዘን አይደለም።»

ለቀልድ ያሉትን እኔ የምር አደረግኩት። ሁለቱን ደርቤ ጠርዙን በወፍራም ክር ሰፋሁና ሰጠሁት። ጭንቅላቱን አስገብቶ ረጅም ጊዜ ቆየ። ሲወጣ ፊቱ በርቶ ነበር። «ጨለማ!» አለ በጣሊያንኛ፤ ትርጉሙን የነገረኝ አብሮት የመጣው አስተርጓሚ ነው። ጨርቁን የሰፋው ማን እንደሆነ ጠየቀ፤ በማግስቱ ሥራ ገባሁ።

ያ ሰው ሲኞር ብሩኖ ይባላል፤ ፊልም ቀራጭ ነው። የማይቀርጸው ነገር አልነበረም። በአገሩ ዘፋኞችን፣ ዓሣ አጥማጆችን፣ የሐኪም ቢላዋ የሰው ሆድ ሲከፍት፣ ከአውሮፕላን ላይ ደግሞ የሚቃጠል ተራራ ቀርጿል። እኛም ዘንድ መንገድ ሲሠራ፣ አንበጣ ሲወርድ፣ የጦር አዛዡ ሻለቃ በፈረስ ሲዘል፣ ባላባቶች ጠመንጃ አስረክበው ሲገቡ ቀረጸ። ዕቃ ቢጎድለው አይጨነቅም። ፀሐይ ሲያስቸግረው በመስኮት ላይ ነጠላ ይሰቅላል፤ ብርሃን ሲያንሰው በኖራ የተቀባ የቤት መዝጊያ አንሥቼ በሰዎቹ ፊት እንድይዝ ያደርገኛል። የካሜራው ባለ ሦስት እግር ማቆሚያ በተሰበረ ጊዜ በበቅሎ ኮርቻ ላይ አስሮ ቀርጿል። በቅሎዋ እንዳትተነፍስ ማድረግ ግን አልቻለም፤ በዚያ ፊልም ውስጥ ተራራው ሁሉ ቀስ ብሎ ይተነፍሳል።

ፊልሙን የምናጥበው ድሮ የእህል ማስቀመጫ በነበረ የድንጋይ ቤት ነው። መስኮቶቹን በጭቃ መረግናቸው። ገንዳዎቹ ከዋንዛ የተጠረቡ ነበሩ። ውሃውን ከወንዝ አስቀድቼ፣ ደለሉ ፊልሙን እንዳይቧጭረው በአራት እጥፍ ሸማ አጠልለዋለሁ። የምንጠቀምበት የፊልም ዓይነት ቀይ መብራት እንኳ አይችልም፤ ሥራው ሁሉ በድፍን ጨለማ ነው። የሲኞር ብሩኖ የእጅ ሰዓት በጨለማ የሚያበራ ቁጥር ነበረው፤ እሱም ብርሃኑ አንድ ፊልም አበላሸበትና ከደጅ እያወለቀ ይገባ ጀመር። ታዲያ ፊልሙ ምስሉን በሚያወጣው መድኃኒት ውስጥ ምን ያህል ጊዜ እንደቆየ በምን እንወቅ?

ጨለማው ስለሚያስፈራኝ በልቤ አቡነ ዘበሰማያት እደግም ነበር። አንድ ቀን ድምፄ ወጣና ሰማኝ። «ደግመህ በል» አለኝ። ደጅ አውጥቶ ሰዓቱን በእጁ ይዞ ደጋግሞ አስባለኝ። ሁልጊዜ እኩል ሆነበት። ዳዊት የደገመ ምላስ ይዞት የሚሄደው ልክ አለው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ልኬቱ ይህ ሆነ፦ ፊልሙ ገንዳ ከገባ በኋላ ዐሥራ ሁለት አቡነ ዘበሰማያት፣ ከዚያ ማውጣት። ከዐሥራ ሁለት ካለፈ ምስሉ ይጠቁራል፤ ካነሰ ይገረጣል። በደመና ቀን የተቀረጸ ከሆነ ሲኞር ብሩኖ በጨለማው ውስጥ ትከሻዬን ነክቶ አንድ እንድጨምር ያዝዘኝ ነበር።

ነገሩ ይከብደኝ ነበር። ለእግዚአብሔር የሚባለውን ለፊልም አደረግኩት እያልኩ። አስተርጓሚው ሞገስ ዕኩያዬ ነው፤ እሱም ድሮ የቆሎ ተማሪ ስለነበር ይህን አውቆ ያሾፍብኛል።

«ደብተራ፣ ዛሬ ስንት ቅዳሴ ቀደስክ?» ይለኛል ከበሩ ውጪ ቆሞ።

«ሁለት ፊልም።»

«ፈረንጁስ ይቀበልሃል?»

«አንዳንድ ጊዜ አሜን ይላል።»

እውነትም ይል ነበር።

ከሲኞር ብሩኖ የተማርኩትን ሁሉ ብጽፍ ደብተሩ አይበቃኝም። ሦስቱን ልማዶቹን ግን መጻፍ አለብኝ፤ ሦስቱም ከዚህ በኋላ ከሆነው ጋር የተያያዙ ናቸው። የታጠበውን ፊልም ከሥሩ መብራት ባለበት መስተዋት ላይ ስናይ መሃሉን በአውራ ጣቱ ይሸፍነዋል። «መሃሉን ማንም ያየዋል። ጠርዙን እይ» ይለኛል። የማይፈለግ ሰው፣ የሚሸሽ ውሻ፣ የራሳችን ጥላ የሚገኘው ጠርዝ ላይ ነው። ሁለተኛው፣ ስህተት ሳይ እንዳልደብቅ፣ እንዳልፈራ፣ ያን ጊዜውኑ ጮክ ብዬ እንድናገር ያዝዘኝ ነበር። ጭረት ባይ «ጭረት!»፣ አቧራ ባይ «አቧራ!» ብዬ እጮሃለሁ። ሦስተኛው፣ ከእያንዳንዱ ፊልም ጫፍ አንዲት ምስል በመቀስ ቆርጦ በከረሜላ ቆርቆሮ ውስጥ ያስቀምጣል። ለምን እንደሆነ ጠይቄው «ሌላውን ሁሉ እነሱ ይወስዱታል» ብሎኛል።

ደመወዜ ትንሽ ነበር፤ ባይቀርብኝም አልጠገብኩበትም። ዋናውን ልቀጥል።

ከገቡት ባላባቶች መካከል ባላምባራስ ይግዛው የሚባሉ የሮብ ገበያ ሰው ነበሩ። ጠመንጃ ሲያስረክቡ ቀርጸናቸዋል፤ በፊታቸው የኖራውን መዝጊያ የያዝኩት እኔ ነኝ። የግራ ጆሯቸው ጫፍ የተቆረጠ ነው፤ ከቅርብ ስላየሁት አልረሳሁትም። ክረምቱ ሳይገባ ተመልሰው ጫካ ገቡ። ሻለቃው በጣም ተናደደ፤ ዘመዶቻቸውን ሊይዝ፣ መንደራቸውን ሊያቃጥል ዛተ። በክረምቱ ማብቂያ ግን ወንዝ ሲሻገሩ ደራሽ ውሃ ወሰዳቸው የሚል ወሬ መጣ። ሬሳቸው አልተገኘም። ወንድማቸው ለቅሶ እንዲቀመጥ ፈቃድ ሊጠይቅ ወደ ከተማ መጣ።

ሻለቃው ፈቀደ፤ ግን ራሱ እንደሚገኝ፣ ፊልምም እንደሚቀረጽ ተናገረ። አለቆቹ ባላምባራስ መሞታቸውን በዓይናቸው እንዲያዩለት ፈልጎ ነው።

የለቅሶው ሜዳ ከሮብ ገበያ በላይ፣ ወደ ጮቄ በሚወጣው ዳገት ላይ ነበር። ጭጋጉ እየመጣ ይሸፍነናል፣ እየሄደ ይገልጠናል። ሬሳ ስለሌለ በድንኳኑ ፊት አልጋ ዘርግተው በላዩ ምስላቸውን አስቀምጠዋል፤ በጭድ የተሞላ ካባቸውን፣ ባርኔጣቸውን፣ ጋሻቸውን። ፈረሳቸው ተጭኖ በአልጋው ዙሪያ ይዞራል። ጭጋጉ ሲመጣ ጭዱ አይታይም፤ የተኛ ሰው ይመስላል።

አንድ ሽማግሌ ወደ ካሜራው ቀረብ ብለው ቆሙ።

«ልጄ፣ ይህ ሣጥን ምን ያደርጋል?»

«ሰው ያስቀራል፣ አባባ።»

«የሞተውን ነው ያለውን?»

«ያለውን ነው እንጂ።»

«እንግዲያ ዛሬ ምን ሊበላ መጣ?» ብለው ዓይኔን ቆይተው አዩኝና ሄዱ።

የባላምባራስ ሚስት ወይዘሮ አትጠገብ ፀጉራቸውን ተላጭተው፣ ፊታቸውን ነጭተው፣ ካባውን በሁለት እጃቸው እየዳበሱ ሙሾ ያወርዱ ነበር።

ይህን ሁሉ እንግዳ ከደጅህ ጠርተህ፣
ባለቤቱ ጌታዬ አንተ የት ቀረህ?

ሕዝቡ ሲቀበል ሜዳው ይንቀጠቀጣል። ሲኞር ብሩኖ ጭጋጉ ብርሃኑን ስለሚበላበት የሌንሱን ዓይን ከወትሮው አስፍቶ ከፍቷል። ሻለቃው ከአጃቢዎቹ ጋር በቀኝ በኩል ቆሞ ነበር። ካሜራው ድርርር ይላል። እኔ በዚያ ቀን አንድም እንግዳ ነገር አላየሁም፤ ይህን በእውነት እጽፋለሁ።

በማግስቱ ጠዋት ፊልሙን አጠብኩ፤ ዐሥራ ሁለት፣ ስለ ጭጋጉ ደግሞ አንድ ጨምሬ። ከደረቀ በኋላ በመስተዋቱ ላይ ዘረጋሁት። ይህ ኔጌቲቭ የሚባለው ነው፤ በእሱ ላይ ሁሉ ነገር የተገላቢጦሽ ነው። ጥቁር ፊት ነጭ፣ ነጭ ፊት ጥቁር ሆኖ ይታያል። ነጠላው ሁሉ የከሰል ክምር ይመስላል። ሰው እንዲህ ሲሆን እናቱም አትለየው፤ እኔ ግን ለምጄው ነበር። እንደተማርኩት መሃሉን በአውራ ጣቴ ሸፈንኩና ጠርዙን ምስል በምስል እየተከተልኩ ማየት ጀመርኩ።

በግራው ጠርዝ፣ ከአልቃሾቹ ኋላ፣ አንድ ሰው ነጠላውን እስከ አፉ ተከናንቦ ቆሟል። አያለቅስም። ሌላው ሁሉ ሲወዛወዝ እሱ አይነቃነቅም። ዓይኑ የሚያየው ወይዘሮ አትጠገብን ነው። ነፋስ ነጠላውን ገለጥ አደረገው። የግራ ጆሮው ጫፍ የለም።

በሕይወት አሉ የሚል ሐሳብ አልመጣልኝም። ምስላቸው አልጋ ላይ ተኝቶ፣ መንፈሳቸው አጠገቡ ቆሞ የታየኝ ነው የመሰለኝ። ስህተት ሲያይ እንዲጮህ የተማረ አፌም እንደ ልማዱ ጮኸ።

«ሲኞር! ሟቹ! ባላምባራስ ቆመዋል!»

ሲኞር ብሩኖ ከወንበሩ ተነሣ። ያን ጊዜ ግን ከኋላዬ ወረቀት የሚወድቅ ድምፅ ሰማሁ። ሞገስ ከሻለቃው ደብዳቤ ይዞ በሩ ላይ ቆሟል፤ ከእሱም ኋላ አማርኛ የሚሰማ የበር ዘበኛ አለ።

«ምን አልክ፣ ደብተራ?» አለ ሞገስ ቀስ ብሎ።

«ምንም።»

«ሰምቼሃለሁ። እሱም ሰምቷል» አለ በአገጩ ወደ ዘበኛው እያመለከተ። ፊቱ አመድ መስሎ ነበር። «እኔ ሳልናገር እሱ ቢናገር የምሰቀለው እኔ ነኝ። ምነው ምላስህን በቆረጠው!»

ያን ጊዜ ነው የገባኝ። መንፈስ ሳይሆን ሰው ነበር የቆመው። ለቅሶው ሻለቃውን ለማታለል ነው። በአንድ ጩኸት ባላምባራስን፣ ወንድማቸውን፣ ያችን ካባ የምትዳብስ ሴት፣ ያን መንደር በሙሉ ለሻለቃው አሳልፌ ሰጥቻለሁ። በሥራ ዘመኔ ብዙ ፊልም አበላሽቻለሁ፤ ከዚያች ቃል የከፋ ጥፋት ግን አላጠፋሁም።

ቀትር ሳይሆን ሻለቃው አስጠራን። «ሟች በፊልም ላይ ቆሟል ይሉኛል» አለ። ሞገስ እኔን ሳያይ አስተረጎመልን።

ሲኞር ብሩኖ አፉን ከመክፈቱ በፊት በሻለቃው እግር ሥር ወደቅኩ። «ጥፋቱ የእኔ ነው፣ ጌታዬ። ባላምባራስ ዓምና ሲገቡ የተቀረጸ ቁራጭ ፊልም በቆርቆሮው ውስጥ ቀርቶ ነበር። አዲስ መስሎኝ ደግሜ ለካሜራው አጎረስኩት። ሁለት ቀን በአንድ ፊልም ላይ ተደረበ። ያየሁት የዓምናውን ሰው ነው።»

እንዲህ ያለ ስህተት በሥራችን የታወቀ ነው፤ እኔ ግን ሠርቼው አላውቅም። ሲኞር ብሩኖ አየኝ። ከዚያ ባለ በሌለ ኃይሉ በጥፊ መታኝ። ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም እጁን አንሥቶብኝ አያውቅም። «አህያ!» አለኝ። ያ ጥፊ ቃሌን እንደተቀበለው የነገረኝ መሆኑን የተረዳሁት ደጅ ከወጣን በኋላ ነው።

ሻለቃው ግን ሞኝ አልነበረም፤ ራሱም ፎቶ ማንሣት ይወዳል። «ተደርቦ ከሆነ ሰውየው እንደ ጭስ መሆን አለበት፤ ከኋላው ያለው ነገር በውስጡ ይታያል። ሙሉ ሰው ከሆነ ግን በዚያ ቀን እዚያ ቆሞ ነበር ማለት ነው። ፊልሙን ዛሬ አትሙና ከሰዓት በኋላ በግድግዳ ላይ አሳዩኝ» አለ። ለሞገስም «ከበሩ አትለይ። ምን እንደሚሠሩ አዳምጥ» አለው።

ባላምባራስ በፊልሙ ላይ ሙሉ ሰው ነበሩ። ከኋላቸው ያለውን የድንኳን ገመድ በትከሻቸው ጋርደውታል። ፊልሙን ብናቃጥለው ወይም ብናበላሸው ሻለቃው ጥርጣሬው እውነት ሆነ ብሎ ያንኑ ዕለት ጦር ይልካል። ጥርት አድርገን ብናትመው ደግሞ በገዛ ዓይኑ ያያቸዋል። ጨለማው ክፍል ገብተን በሩን ስንዘጋ መውጫ አልታየኝም።

ኔጌቲቩን ከአዲስ ፊልም ጋር ደርበን ብርሃን አሳየነው። አዲሱን ፊልም ገንዳው ውስጥ ከተትኩት። ጮክ ብዬ መቁጠር ጀመርኩ። ሞገስ ከበሩ ውጪ ሲተነፍስ ይሰማኛል። ዐሥራ ሁለት መሆኑን ያውቃል፤ ስንት ጊዜ ሲያሾፍብኝ ቆጥሮታል።

አንድ አልኩ። ሁለት አልኩ። አራተኛውን ስጨርስ ሲኞር ብሩኖ በጨለማው ውስጥ እጄን ፈልጎ ያዘና በመዳፌ ላይ በጣቱ ይመታ ጀመር። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት፣ አምስት፣ ስድስት፣ ሰባት። አቆመ። ደግሞ ሰባት መታ። ገባኝ። በሰባት ከወጣ ምስሉ ሁሉ ይገረጣል፤ ባላምባራስ ብቻ ሳይሆኑ ሁሉም ሰው ጭስ ይሆናል።

ሰባተኛውን ስጨርስ ሲኞር ብሩኖ ፊልሙን አወጣው። ውሃ እንዳያንጠባጥብ በክንዱና በልብሱ አቅፎ ወደ ሌላው ገንዳ አሻገረው። እኔ ባዶው ገንዳ ፊት ቆሜ ስምንተኛውን ቀጠልኩ። ሞገስ ዐሥራ ሁለት መስማት አለበት። እጄን መድኃኒቱ ውስጥ ነክሬ አማስላለሁ፤ ውስጡ ምንም የለም። ሰባቱን ለፊልም አልኳቸው። አምስቱን ግን ለማን እንደምል አወቅኩ። በዚያ ክፍል ውስጥ ስንት ሺህ ጊዜ ያን ጸሎት ደግሜያለሁ፤ የጸለይኩት ያን ቀን አምስት ጊዜ ብቻ ነው። በዐሥራ ሁለተኛው መጨረሻ ሲኞር ብሩኖ «አሜን» አለ።

ከሰዓት በኋላ በሻለቃው አዳራሽ መስኮቶቹን በብርድ ልብስ ጋርደን በግድግዳው ላይ አንሶላ ሰቀልን። ፊልሙ መዞር ጀመረ።

ያን ፊልም ያየሁት አንድ ጊዜ ነው፤ ዛሬም በሕልሜ ይዞራል። ድምፅ የለውም። ሕዝቡ አፉን ከፍቶ ይጮሃል፣ ግን ዝም ነው። ፊታቸው ከጭጋጉ አይለይም። ፈረሱ በአልጋው ዙሪያ ሲዞር እግሮቹ ብቻ ይታያሉ። የወይዘሮ አትጠገብ እጆች ለብቻቸው አየር ይዳብሳሉ። ሰው ሁሉ ሟች መሰለ፤ ከሁሉ ይልቅ ሰው የሚመስለው አልጋው ላይ ያለው የጭድ ምስል ነበር፤ ካባው ጥቁር ስለሆነ ጎልቶ ወጥቷል። ባላምባራስ በግራው ጠርዝ እንደ እስትንፋስ ታዩና ጠፉ።

«ይኸው» አለ ሲኞር ብሩኖ። «ሁለቱ ቀን ሲደረብ ፊልሙን ሁሉ አበላሸው።»

ሻለቃው ከወንበሩ ተነሥቶ ወደ አንሶላው ቀረበ፤ የሚያየው ግን ባላምባራስን አልነበረም። በቀኙ ጠርዝ አንድ ነገር ቆሟል። ሁለት የዓይን ጉድጓድና አንድ ጥንድ ቦት ጫማ። በመካከላቸው ምንም የለም፤ ጭጋጉ በውስጡ ያልፋል።

«ይህ ማነው?» አለ።

ጣቱን አንሶላው ላይ አሳርፎ ወደ እኛ ዞረ።

«ማነው? አልኩ!»

«እርስዎ ነዎት፣ ሻለቃ» አለ ሲኞር ብሩኖ።

ሻለቃው እጁን ኪሱ ከትቶ ቁልፉን ጨበጠ። ጣሊያኖች ክፉ ነገር ሲያዩ ብረት እንደሚነኩ ከሲኞር ብሩኖ አውቃለሁ። ቁልፉን እንደጨበጠ ወደ በሩ ሄደ። «አቃጥሉት። ሁሉንም። አሁን» ብሎ ወጣ። ባላምባራስን አላነሣቸውም።

ግቢው ውስጥ አቃጠልነው። የዚያን ጊዜ ፊልም ሲነድ ውሃ አያጠፋውም፤ ነጭ ነበልባል አውጥቶ በአንድ ጊዜ አለቀ። እኔ ፊልም ደግሜ በማጉረሴ ተገረፍኩ፤ ካሜራም እንዳልነካ ተከለከልኩ። መንደሩ ግን አልተቃጠለም፤ የተያዘም የለም።

ተገርፌ በሆዴ ተኝቼ ሳለ ሞገስ ለጀርባዬ ቅቤ ይዞ መጣ። በጣቱ እየጠቀሰ ቀባኝ። ሊወጣ ሲል በሩ ላይ ቆመ።

«ዐሥራ ሁለት ቆጠርኩ» አለ። «ለሻለቃውም ዐሥራ ሁለት ብዬ ነገርኩት።»

«ዐሥራ ሁለት ነበር።»

«አዎ። የመጨረሻዎቹ አምስቱ ግን ከልብ ነበሩ፣ ደብተራ።»

ከዚያ በኋላ አላሾፈብኝም።

ሲኞር ብሩኖ ብዙም ሳይቆይ ሥራው ተበላሸ ተብሎ ወደ ሌላ ግንባር ተላከ። በደብረ ማርቆስ የቀረጸው የመጨረሻ ፊልም የሻለቃውን የሬሳ ሣጥን ነው፤ ሻለቃው በመንገድ ላይ ተተኩሶበት ሞቷል። ሲኞር ብሩኖ ያን ፊልም በሰባት ያወጣው ለባላምባራስ አዝኖ ይሁን፣ ለእኔ ይሁን፣ ወይስ ፊልሙ ሰው ማሰቀያ እንዳይሆን፣ እስከ ዛሬ አልገባኝም። ሲሰናበተኝ ጠየቅኩት። የከረሜላውን ቆርቆሮ ከፍቶ ከኔጌቲቩ አስቀድሞ የቆረጣትን አንዲት ምስል ሰጠኝ። «ጠርዙን እይ» አለኝ።

ጣሊያን ከወጣ በኋላ በገበያው አጠገብ ትንሽ ፎቶ ቤት ከፈትኩ፤ ጥቁሩን መጋረጃ የሰጡኝ አቶ ሰይድ ናቸው። በኋላም በመንግሥት ሥራ ተቀጥሬ በሲኒማ መኪና ይጁቤ፣ አምበር፣ ሮብ ገበያ እየዞርኩ ስለ ንጽሕና የሚያስተምር ፊልም አሳይቻለሁ። አንደኛው አለቃዬ ቁጡ፣ ሁለተኛው እንቅልፋም፣ ሦስተኛው ደግ ነበሩ። ይህን ሌላ ጊዜ የሚጽፈው ይጻፈው። እኔ የምጨርሰው በፎቶ ቤቱ ነው።

አንድ ቀን ከሰዓት በፊት አንድ ጠና ያሉ ሰው ገቡ። ነጠላቸውን ከጆሯቸው ሲያወርዱ አወቅኳቸው። ከወንበሬ ተነሣሁ።

«ፎቶ ልነሣ ነው» አሉ። «አንተ ነህ አሉ የገረፉህ።»

«ላስይዝዎት የደረስኩትም እኔ ነበርኩ፣ ባላምባራስ። የጮህኩት እኔ ነኝ።»

«ሞገስ ነግሮኛል። ሁለቱንም።»

ዘመኔን ሁሉ ልጠይቅ የፈለግኩትን ጠየቅኩ። «ለምን መጡ? ሕዝቡ እያለቀሰ፣ ሻለቃው እዚያው ቆሞ?»

«አትጠገብ አላወቀችም» አሉ። «ለቅሶዋ የእውነት እንዲሆን ወንድሜ አልነገራትም። ገደል እንዳትገባ ልጠብቃት ነው የመጣሁ። ቆሜ ሙሾዬን ሰማሁት። ከዚያ ወዲህ ሰው ስሜን ሲጠራ እኔን መሆኑን ለማመን እስኪደግመው እጠብቃለሁ። ገበያ ስወጣ መንገድ ይለቁልኛል፤ ከአክብሮት አይደለም።»

ከመሳቢያዬ ያችን ቁራጭ አውጥቼ ሰጠኋቸው። ወደ መስኮቱ ይዘው አዩዋት። በግራው ጠርዝ ፊቱ ነጭ የሆነ ሰው ቆሟል፤ በቀኙ ጠርዝ ፊቱ ጥቁር የሆነ። ሁለቱም አይነቃነቁም።

«የቱ ነኝ?»

«ነጩ፣ ባላምባራስ። ጥቁሩ ሻለቃው ነው።»

ቁራጯን በብርሃኑ ወዲያና ወዲህ አገላበጧት። «በዚያ ሜዳ ላይ አንድ ሰው እንደተለቀሰለት አውቃለሁ» አሉ በመጨረሻ። «የትኛችን እንደሆንን ግን የነገረኝ የለም። ለዚህ ነው የመጣሁ። አንሣኝ፤ ልይ።»

ወንበር ላይ አስቀምጬ አነሣኋቸው። ነገ ይምጡ ብላቸው እምቢ አሉ፤ እስኪታጠብ ከጨለማው ክፍል በር ላይ ቆመው ሊጠብቁ ፈለጉ። ገባሁ፤ በሩን ዘጋሁ፤ እንደ ልማዴ ጮክ ብዬ መቁጠር ጀመርኩ። በሰባተኛው ላይ እጄን ወደ ገንዳው ሰደድኩና መለስኩት። ከበሩ ውጪ ሲተነፍሱ ይሰማኛል። ቀጠልኩ። ዐሥራ ሁለተኛውን ስጨርስ ከውጪ «አሜን» አሉ።

አትሜ፣ ወረቀቱን ውሃው እየተንጠባጠበ ይዤላቸው ወጣሁ። በሁለት እጃቸው ተቀብለው ወደ ብርሃኑ ሄዱ፤ መሃሉን ሳይሆን ጠርዙን አስቀድመው አዩ። ከዚያ ወደ መሃሉ መጡ። ወንበሩ በእሳቸው ተጋርዶ ነበር። ከኋላቸው ያለው ግድግዳ በደረታቸው ውስጥ አይታይም ነበር።